«ዲኤልኤል አልተገኘም»፦ ኮምፒውተሩ ምን ጎድሎት ነው?

ዊንዶውስ ላይ አዲስ ፕሮግራም ጭናችሁ አይከኑን ሁለቴ ጠቅ ስታደርጉ ፕሮግራሙ በመከፈት ፈንታ አንዲት ትንሽ ሳጥን ብቅ ትላለች። «ኤምኤስቪሲፒ140 ዶት ዲኤልኤል ስላልተገኘ መቀጠል አልተቻለም። ፕሮግራሙን እንደገና መጫን ችግሩን ሊፈታው ይችላል» ትላለች በእንግሊዝኛ። ከታች «ኦኬ» የሚል አንድ ቁልፍ ብቻ አለ። ኦኬ የሚያስብል ነገር ባይኖርም እሱን ከመጫን ሌላ ምርጫ የለም።

ብዙ ሰው ከዚህ በኋላ የሚያደርገው ይታወቃል። የፋይሉን ስም ጎግል ላይ ይጽፋል። «ይህን ፋይል በነጻ አውርዱ» የሚሉ ገጾች ይደረደሩለታል። ፋይሉ ከአንድ ሜጋባይት በታች ነው፤ ዳታ አይበላም። አውርዶ ሲስተም32 የሚባለው ፎልደር ውስጥ ይከተዋል። አንዳንዴ ይሠራል። ብዙ ጊዜ ግን ሳጥኗ ሌላ ስም ይዛ ትመለሳለች። ያንንም ሲያወርድ ሦስተኛ ስም ይመጣል። በመጨረሻ ኮምፒውተሩ «ፎርማት ይደረግ» ተብሎ ይፈረድበታል።

ጣጣው የሚጀምረው ፋይሉን ለብቻው የቆመ ዕቃ አድርገን ስናየው ነው። እንዲህ ያለ ዲኤልኤል የአንድ ጥቅል አካል ነው። ከጥቅሉ ጋር ይመጣል፣ ከጥቅሉ ጋር ይታደሳል፣ እዚያው ጥቅል ውስጥ ያሉ ሌሎች ፋይሎችን እየጠራ ይሠራል። ስለዚህ መጠየቅ ያለብን ፋይሉ የት እንደሚወርድ ሳይሆን የየትኛው ጥቅል እንደሆነ ነው። ይህ ለምን እንደሆነ ለመረዳት ፕሮግራም ከምን እንደሚሠራ ማየት ያስፈልጋል።

ሁሉን ነገር ራሱ የሚሠራ ፕሮግራም የለም

የሂሳብ ፕሮግራም የሚጽፍ ሰው ስለ ደረሰኝ፣ ስለ ቫት፣ ስለ ደመወዝ ያስባል። ፋይል ዲስክ ላይ እንዴት እንደሚቀመጥ፣ ፊደል ስክሪን ላይ እንዴት እንደሚሳል፣ «ሴቭ» ሲባል የሚመጣው መስኮት እንዴት እንደሚከፈት ግን ከዜሮ ተነስቶ አይጽፍም። እነዚህን ሌሎች ሰዎች አንዴ ጽፈዋቸዋል። እንዲህ ተዘጋጅቶ የተቀመጠ፣ ብዙ ፕሮግራም የሚጠራው የኮድ ስብስብ ላይብረሪ ይባላል።

ላይብረሪን ከፕሮግራም ጋር ማገናኛው መንገድ ሁለት ነው። አንደኛው ኮዱን ገልብጦ ፕሮግራሙ ውስጥ መክተት ነው። ፕሮግራሙ የሚያስፈልገውን ሁሉ በሆዱ ይዞ ይዞራል። ይህን ስታቲክ ይሉታል። ሁለተኛው ላይብረሪውን ራሱን የቻለ ፋይል አድርጎ ማስቀመጥና ፕሮግራሙ ሲነሳ እንዲጠራው ማድረግ ነው። ይህኛው ዳይናሚክ ነው፤ ዲኤልኤልም ዳይናሚክ ሊንክ ላይብረሪ ማለት ነው። ሊኑክስ ላይ እነዚህ ፋይሎች «ኤስኦ» በሚል ቅጥያ ይታወቃሉ፣ ማክ ላይ ደግሞ «ዲላይብ» በሚል። ሥራቸው አንድ ነው።

የእድር ዕቃን አስቡ። ድንኳኑ፣ ትልልቁ ድስት፣ አግዳሚ ወንበሩ በየቤቱ የለም። አንድ ቦታ ተቀምጦ የቸገረው ይወስደዋል። መቶ አባወራ መቶ ድንኳን አይገዛም፤ ድንኳኑ ተቀድዶ አንዴ ከተሰፋም ለሁሉም ተሰፋ። ጣጣውም እዚያው ነው። አንዱ አባል ድስቱን በሌላ ቢለውጠው በሚቀጥለው ሳምንት ድግስ ያለበት ሰው ይቸገራል። የጋራ ላይብረሪ ጥቅሙም መዘዙም ይኸው ነው።

ጥቅሙ የዲስክ ቦታን በመቆጠብ ብቻ አያበቃም። አሥር ፕሮግራም ከፍታችሁ አሥሩም አንዱን ዲኤልኤል ቢጠሩ፣ ዊንዶውስ የኮዱን አንድ ቅጂ ራም ውስጥ አስቀምጦ ለአሥሩም ያካፍላቸዋል። የየፕሮግራሙ ዳታ ግን ለየብቻው ይያዛል፤ የአንዱ ከሌላው ጋር አይቀላቀልም።

8 ጊጋባይት ራም ላለው ሰው ይህ ትንሽ ነገር ይመስለዋል። የመጀመሪያው ዊንዶውስ በ1985 ሲወጣ ግን (እዚህ ያሉት ዓመቶች ሁሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው) የሚጠይቀው 256 ኪሎባይት ሚሞሪ ነበር። ዛሬ በስልክ የምናነሳው አንድ ፎቶ ከዚያ በብዙ እጥፍ ይበልጣል። በዚያ ጥበት መስኮትና ቁልፍ የሚስለው ኮድ በየፕሮግራሙ ይገልበጥ ቢባል ሁለት ፕሮግራም ጎን ለጎን መክፈት የሚታሰብ አልነበረም። ሐሳቡ እንዲያውም ከዊንዶውስ ይቀድማል። በ1960ዎቹ መልቲክስ የተባለው ሲስተም ላይ ፕሮግራሞች ላይብረሪን እየሠሩ ሳሉ ይጠሩ ነበር።

ሁለቴ ጠቅ ካደረጋችሁ በኋላ

ፕሮግራም ስታስነሱ መጀመሪያ የሚሠራው ፕሮግራሙ አይደለም። ሎደር የሚባል የዊንዶውስ ክፍል አለ። ሎደሩ የፕሮግራሙን ፋይል ይከፍትና ውስጡ ያለ አንድ ዝርዝር ያነባል። ዝርዝሩ «እነዚህ እነዚህ ዲኤልኤሎች ያስፈልጉኛል፤ ከዚህኛው ይህን ሥራ፣ ከዚያኛው ያንን ሥራ እጠራለሁ» የሚል ነው። ሎደሩ አንድ በአንድ ይፈልጋቸዋል። የተገኘው ዲኤልኤልም የራሱ ዝርዝር አለው። እሱም ሌሎችን ይጠራል፤ እነዚያም ሌሎችን። ሰንሰለቱ አንድ ቦታ ከተበጠሰ ፕሮግራሙ አንዲት መስመር ሳይሠራ ይቀራል። ያቺን ሳጥን የምታዩትም ከዊንዶውስ ነው፤ ፕሮግራሙ ገና አልተነሳም።

አንድ ዲኤልኤል አውርዶ ሌላ የሚጠየቅ ሰው ያጋጠመው ይህ ሰንሰለት ነው። አንዱን ቀለበት ሞላ፤ ሎደሩ ወደሚቀጥለው አለፈ።

ከዚህ የባሰ ግራ የሚያጋባም አለ። አንዳንድ ፕሮግራም ዲኤልኤል የሚጠራው ከተነሳ በኋላ፣ ሥራው ሲደርስ ነው። ያኔ የሚመጣው መልእክት «ይህን ሞጁል ማግኘት አልተቻለም» ይልና የአንድ ፋይል ስም ይጠራል። ሄዳችሁ ስታዩ ፋይሉ እዚያው ቁጭ ብሏል። የጎደለው እሱ ሳይሆን እሱ የሚጠራው ሌላ ፋይል ነው፤ መልእክቱ ግን የዚያን ስም አይናገርም። በዚህ ምክንያት ሰው ሙሉ ቀን ሲባክን ይውላል። ማይክሮሶፍት ይህን መልእክት እስከ ዛሬ አለማስተካከሉ ይገርመኛል።

ሎደሩ የሚፈልገው በተራ ነው። መጀመሪያ ፕሮግራሙ ራሱ ያለበትን ፎልደር ያያል። ቀጥሎ ሲስተም32ን፣ ከዚያ የዊንዶውስን ፎልደር፣ ከዚያ በዚያ ሰዓት የተከፈተውን የሥራ ፎልደር፣ በመጨረሻ «ፓዝ» በሚባለው ዝርዝር ላይ የተመዘገቡትን። ከርነል32ንና ዩዘር32ን የመሳሰሉ ጥቂት መሠረታዊ ፋይሎች ተራ አይጠብቁም፤ ምንጊዜም ከሲስተም32 ነው የሚመጡት። ለቀሩት ሎደሩ መጀመሪያ ያገኘውን ይወስዳል። ሌላ የተሻለ ይኖር እንደሆን ብሎ አይቀጥልም።

«መጀመሪያ ከጎኔ» የሚለው ደንብ ጠቃሚ ነው። ፕሮግራሙ የሚስማማውን ዲኤልኤል ይዞ መጥቶ አጠገቡ ማስቀመጥ ይችላል። ግን ቀዳዳም ነው። አንድ ሰው በታማኝ ፕሮግራም አጠገብ በትክክለኛው ስም የተሠራ መጥፎ ዲኤልኤል ካስቀመጠ፣ ታማኙ ፕሮግራም ሳያንገራግር ይጭነዋል። ሰርጎ ገቦች ይህን ዘዴ ከያዙት ቆይተዋል። ለዚህም ነው ኢንስታለርን (ፕሮግራሙን የሚጭነውን ፋይል) ከ«ዳውንሎድስ» ፎልደር ቀጥታ ማስነሳት የማይመከረው። ያ ፎልደር ከየትም የመጣ ነገር የሚከማችበት ነው። ከወር በፊት ሳታስተውሉት የወረደ ዲኤልኤል እዚያ ካለ፣ ኢንስታለሩ ሲስተም32 ከመድረሱ በፊት ሊያገኘው ይችላል። ባዶ ፎልደር ከፍቶ ኢንስታለሩን ብቻውን እዚያ ማዛወር ግማሽ ደቂቃ አይፈጅም።

የዲኤልኤል ገሃነም

ይህን ስም ያወጡለት ፕሮግራመሮቹ ራሳቸው ናቸው። በ1990ዎቹ እያንዳንዱ ኢንስታለር የራሱን ዲኤልኤሎች ሁሉም በሚጠቀምበት የሲስተም ፎልደር ውስጥ ይገለብጥ ነበር። በዚያው ስም ሌላ ፋይል ካለስ? ጨዋው ኢንስታለር የሥሪት ቁጥሩን አይቶ ከሁለቱ አዲሱን ያቆያል። ግዴለሹ ዝም ብሎ ይደርብበታል። የጫናችሁት ጨዋታ ይሠራል፤ እስከ ትናንት ደህና የነበረው የጽሕፈት ፕሮግራም ይወድቃል። ሁለቱን የሚያገናኝ ነገር እንዳለ የሚጠረጥር የለም።

ዊንዶውስ 95ን ወይም 98ን የተጠቀመ ሰው «የሚገለበጠው ፋይል ኮምፒውተሩ ላይ ካለው ያረጀ ነው፤ ያለውን ቢያቆዩት ይመከራል» የምትለዋን ጥያቄ ያስታውሳታል። ፕሮግራም ሲያጠፉ ደግሞ «ይህ የጋራ ፋይል ከእንግዲህ የሚጠቀምበት ያለ አይመስልም፤ ይጥፋ?» ይባል ነበር። አንድ የቢሮ ጸሐፊ ወይም ተማሪ ይህን በምን ያውቃል? «ይጥፋ» ያለ ሰው በማግስቱ ሌላ ፕሮግራም አይከፈትለትም። «ይቅር» እያለ የኖረው ዲስኩ በማያውቀው ፋይል ይሞላል።

አዲሱን ማቆየትም ሁልጊዜ አያድንም ነበር። አዲሱ ዲኤልኤል የቆየ ስሕተት አርሞ ይመጣል። ያንን ስሕተት ለምዶ፣ እሱን ታሳቢ አድርጎ የተጻፈ ፕሮግራም ደግሞ ስሕተቱ ሲታረም ይሰበራል። የመስኮት ዝርዝሮችንና ቁልፎችን የሚስለው ኮምሲቲኤል32 የተባለው ፋይል ኢንተርኔት ኤክስፕሎረር 3 እና 4 ሲጫኑ አብሮ ይለወጥ ነበር። ብራውዘር የጫነ ሰው ሳያውቀው የሌሎች ፕሮግራሞቹን መልክና ጠባይ ቀየረ ማለት ነው።

ማይክሮሶፍት ይህን ያስተካከለው ቀስ በቀስ ነው። በ2000 የወጣው ዊንዶውስ 2000 የሲስተም ፋይል ሲነካበት ከመጠባበቂያው አውጥቶ መልሶ ያስቀምጥ ጀመር። በ2001 የመጣው ኤክስፒ የአንድ ዲኤልኤል ብዙ ሥሪቶች ጎን ለጎን እንዲኖሩ ፈቀደ። ፕሮግራሙ «እኔ የምፈልገው ይኼኛውን ነው» የሚል ማስታወሻ ይዞ ይመጣል፤ ዊንዶውስም በማስታወሻው መሠረት ያቀርብለታል። ከኤክስፒ ቀጥሎ ከመጣው ቪስታ ወዲህ ደግሞ የሲስተም ፋይሎች ባለቤት «ትረስትድኢንስታለር» የሚባል የውስጥ አካል ሆነ። አድሚኒስትሬተር ሆናችሁም እንኳ እንዲሁ በቀላሉ አትደርቡባቸውም። ገሃነሙ ጨርሶ አልጠፋም፤ ግን ዛሬ የምናየው ችግር መልኩ ሌላ ነው። ያኔ የተሳሳተ ፋይል ይገኝ ነበር፤ ዛሬ በአብዛኛው ጭራሽ ያልተጫነ ነው።

ስሙ ብዙ ይናገራል

የጎደለው ፋይል ስም የዘፈቀደ የፊደል ክምር ይመስላል። ግን ጥቅሉን የሚጠቁም ነው።

በ«ኤምኤስቪሲፒ»፣ በ«ኤምኤስቪሲአር» ወይም በ«ቪሲራንታይም» የሚጀምር ከሆነ ጥቅሉ ማይክሮሶፍት ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ ሬዲስትሪቢዩተብል ነው። ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ የማይክሮሶፍት የፕሮግራም መጻፊያ መሣሪያ ነው፤ በእሱ ከተጻፉት ፕሮግራሞች ብዙዎቹ እነዚህን ፋይሎች ይፈልጋሉ። መጨረሻ ላይ ያለው ቁጥር ሥሪቱን ይናገራል። 90 ከሆነ የ2008፣ 100 ከሆነ የ2010፣ 110 የ2012፣ 120 የ2013። 140 ከሆነ ከ2015 ወዲህ ያለው ሁሉ ነው፤ እነዚያ እርስ በርስ ስለሚግባቡ በአንድ ጥቅል ተጠቃለዋል። አዲሱን የጫነ ሰው የ2015ንም የ2017ንም የ2019ንም ፕሮግራም ያስነሳል። ከዚያ በፊት ያሉት ግን አይተካኩም። የ2010 ፕሮግራም የ2010ን ጥቅል ነው የሚፈልገው፤ የ2013ቱ ምንም አያደርግለትም።

በ«ዲ3ዲኤክስ9» የሚጀምር ፋይል የጎደለው ጨዋታ ላይ ከሆነ፣ የሚያስፈልገው ጨዋታዎች ምስል ለመሳል የሚጠሩት ዳይሬክትኤክስ በጁን 2010 የወጣው ጥቅል ነው። እዚህ ብዙ ሰው ይከራከራል። «ዊንዶውስ 11 እኮ ዳይሬክትኤክስ 12 አለው፣ የ2010ሩ ምን ያደርጋል?» ይላል። እነዚያ የቆዩ ተጨማሪ ፋይሎች ግን ከአዲሱ ጋር አይመጡም። አሮጌው ጥቅል አዲሱን ሳይነካ ከጎኑ ይቀመጣል።

«ኤፒአይ-ኤምኤስ-ዊን-ሲአርቲ» ብሎ የሚጀምር ረጅም ስም ከታየ ኮምፒውተሩ ዊንዶውስ 7 ወይም 8 ነው ብላችሁ ብትገምቱ ብዙም አትሳሳቱም። ዊንዶውስ 10 ይህን ከራሱ ጋር ይዞት ይመጣል። ለቀድሞዎቹ ኬቢ2999226 የሚባል አፕዴት ወጥቶላቸዋል። «ኤምኤስሲኦርኢኢ» የሚል ስም ደግሞ ዶትኔት የተባለው ሌላ የማይክሮሶፍት ጥቅል ነው። ዊንዶውስ 10 ላይ የቆየ የቢሮ ፕሮግራም ዶትኔት 3.5ን ሲጠይቅ፣ ከ«ዊንዶውስ ፊቸርስ» ዝርዝር ውስጥ ምልክት አድርጎ ማብራት ይበቃል።

በስሙ ያልታወቀ ፋይል ብዙውን ጊዜ የፕሮግራሙ የራሱ ነው። ያኔ ሳጥኗ የምትሰጠው ምክር ትክክል ይሆናል፤ ፕሮግራሙን አጥፍቶ እንደገና መጫን። የጠፋው የዊንዶውስ የራሱ ፋይል ከሆነ ግን በአድሚኒስትሬተር በተከፈተ የትእዛዝ መስኮት ሁለት ጥገናዎች ይሠራሉ። መጀመሪያ ዲአይኤስኤም በሚባለው የዊንዶውስን መጠባበቂያ ማደስ፣ ቀጥሎ ኤስኤፍሲ በሚባለው የተበላሹትን መተካት። ፎርማት ከማድረግ በፊት እነዚህን መሞከር ሰዓት ይቆጥባል፤ ሰነድም ያተርፋል።

አሁን ስለ ዳታው። ነጠላዋ ፋይል ከአንድ ሜጋባይት በታች ስትሆን የቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ ጥቅል 20 ምናምን ሜጋባይት ነው፤ የዳይሬክትኤክሱ 100 ሜጋባይት ይጠጋል። ልዩነቱ ትንሽ አይደለም፣ በተለይ የኢንተርኔት ጥቅል እየገዛ ለሚጠቀም ሰው። ግን ሁለቱንም ከማይክሮሶፍት ገጽ አንዴ አውርዶ ፍላሽ ላይ ማስቀመጥ ይቻላል፤ ሲጫኑ ኢንተርኔት አይጠይቁም። ኮምፒውተር ቤት ያለው ሰው ይህቺን ፍላሽ ከመሳቢያው ባያጣ ለደንበኞቹም ለራሱም ብዙ ድካም ይቀንሳል።

32 እና 64

ዊንዶውስም ፕሮግራሞችም ባለ32 ቢት (የቆየው) እና ባለ64 ቢት (አዲሱ) ተብለው በሁለት ዓይነት ይሠራሉ። የዊንዶውስ ትልቁ ቀልድም እዚህ ላይ ነው። ባለ64 ቢት ዊንዶውስ ላይ ሲስተም32 የሚባለው ፎልደር የያዘው የ64 ቢት ፋይሎችን ነው። የ32 ቢቶቹ ያሉት ሲስዋው64 በሚባለው ነው። አልተሳሳትኩም፣ ስሙ የተገላቢጦሽ ነው። ምክንያቱ ግን አለው። ብዙ የቆዩ ፕሮግራሞች «ሲስተም32» የሚለውን ስም ኮዳቸው ውስጥ በቀጥታ ጽፈውታል። ወደ 64 ቢት ሲሸጋገሩ እንዳይሰበሩ ስሙ ባለበት ቀረ። የ32 ቢት ፕሮግራም ሲስተም32ን ሲጠራ ዊንዶውስ በስውር ወደ ሲስዋው64 ይመራዋል።

የ32 ቢት ፕሮግራም የ64 ቢት ዲኤልኤል መጫን አይችልም። የ64ቱም የ32ቱን አይጭንም። ፋይሉን አውርዶ በግምት አንዱ ፎልደር ውስጥ የከተተ ሰው ብዙ ጊዜ የማይገጥመውን ያስቀምጣል። ያኔ ሳጥኗ ስም መጥራት ትታ 0ኤክስሲ000007ቢ የሚል ቁጥር ታወጣለች። ይህ ቁጥር ፋይሉ ተገኝቷል፣ ዓይነቱ ግን አይደለም ማለት ነው። ስለዚህ ባለ64 ቢት ኮምፒውተር ላይ የቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስን ሁለቱንም፣ ኤክስ86 የሚለውንም (የ32 ቢቱን) ኤክስ64 የሚለውንም (የ64 ቢቱን) መጫን ነው። አንዱ ሌላውን አይተካም።

ሌላም መልእክት አለ፤ «የፕሮሲጀሩ መግቢያ አልተገኘም» የሚል። ይህ ሲመጣ ፋይሉም አለ፣ ቢቱም ገጥሟል፤ ሥሪቱ ግን አርጅቷል ወይም የሌላ ነው። ፕሮግራሙ የጠራው ሥራ ዲኤልኤሉ ውስጥ የለም። ከማይታወቅ ገጽ በወረደ ፋይል ላይ ይህ ደጋግሞ ይታያል፤ እነዚያ ገጾች ፋይሉን ከየትኛው ኮምፒውተር፣ መቼ እንደገለበጡት አይናገሩም። ኮድ እንደሆነም አትርሱ። ዲኤልኤል ፕሮግራሙ ያለውን ሥልጣን ሁሉ ይዞ ነው የሚሠራው። ፕሮግራሙ ሰነዳችሁን ማንበብ ከቻለ እሱም ያነባል።

ስለ ክራክ፣ ማለትም የሚከፈልበትን ፕሮግራም ሳይከፍሉ እንዲሠራ ስለ መስበር ካላነሳን ደግሞ ተሸፋፍነን መቅረታችን ነው። ክራክ የተደረገ ፕሮግራም ላይ ተሰብሮ የተተካው ፋይል ብዙ ጊዜ ራሱ ዲኤልኤል ነው። አንቲቫይረሱ ያገኘዋል፣ ያነሳዋል፣ ከዚያ «አልተገኘም» የምትለው ሳጥን ትመጣለች። ሰውየው አንቲቫይረሱን አጥፍቶ እንደገና ይጭናል። የጠፋው ፋይል ቫይረስ ነበር ወይስ አልነበረም? የሚያውቀው የሠራው ሰው ብቻ ነው፤ እሱ ደግሞ ስሙ አይታወቅም። የደመወዝና የደንበኛ መረጃ በያዘ ኮምፒውተር ላይ ይህን ማድረግ ለእኔ አይዋጥልኝም። ሊብሬኦፊስን የመሳሰሉ ነጻ ፕሮግራሞች እያሉ በተለይ።

ሊኑክስ ከዚህ ይተርፋል?

በከፊል። ኡቡንቱን በመሰለ ሊኑክስ ላይ እያንዳንዱ ፕሮግራም የሚፈልጋቸው ላይብረሪዎች ተመዝግበዋል። ፕሮግራሙን ከሲስተሙ ማከማቻ ስትጭኑ ላይብረሪዎቹ አብረው ይመጣሉ። ጣጣው የሚመጣው ከውጭ የወረደ ፋይል ስትጭኑ ነው። ኡቡንቱ 22.04 ምስጢራዊ ግንኙነትን የሚጠብቀው ኦፕንኤስኤስኤል የተባለው ላይብረሪ ወደ ሥሪት 3 ሲሻገር የቀድሞውን 1.1 የሚጠይቁ ፕሮግራሞች «ሊብኤስኤስኤል 1.1 አልተገኘም» እያሉ ቆመዋል። ማክ ላይ አብዛኛው ፕሮግራም ላይብረሪዎቹን በራሱ ፎልደር ውስጥ ይዞ ስለሚመጣ ተጠቃሚው እንዲህ ያለውን መልእክት እምብዛም አያየውም።

ታዲያ ሁሉም የየራሱን ይዞ ቢመጣስ? ዛሬ ብዙዎች እያደረጉት ነው። ዲስኮርድ፣ ስላክ፣ ቪኤስ ኮድ እያንዳንዳቸው ክሮምየም የተባለውን ብራውዘር በሆዳቸው ይዘው ነው የሚመጡት። ሦስቱን የጫነ ሰው ሦስት ብራውዘር ጨመረ። ዲስክ ርካሽ ስለሆነ ማንም አያማርርም። የጥገናው ነገር ሲመጣ ግን ይለያል።

በኤፕሪል 2014 ኦፕንኤስኤስኤል በተባለው ላይብረሪ ውስጥ ሃርትብሊድ የተባለ ቀዳዳ መኖሩ ይፋ ሆነ። ላይብረሪው የድረ ገጾችን ምስጢራዊ ግንኙነት የሚጠብቅ ነው። ቀዳዳው ከሰርቨሩ ሚሞሪ ውስጥ የይለፍ ቃልና የምስጢር ቁልፍ ሊያሾልክ ይችል ነበር። ግን ላይብረሪው የጋራ ፋይል በሆነበት ሰርቨር ላይ ያንን አንድ ፋይል ማደስ እሱን የሚጠሩትን ፕሮግራሞች ሁሉ ያድን ነበር። አንድ ነገር ብቻ መርሳት አይገባም ነበር፤ አስቀድሞ የተነሳ ፕሮግራም አሮጌውን ቅጂ ሚሞሪ ውስጥ እንደያዘ ይቆያል። ስለዚህ ዘግቶ ማስነሳት ግድ ነው። ዊንዶውስ ከአፕዴት በኋላ «ሪስታርት» እያለ የሚጨቀጭቀውም በአብዛኛው ለዚህ ነው።

በዲሴምበር 2021 የወጣው ሎግፎርሼል ተቃራኒው ነበር። ሎግፎርጄ የተባለው የጃቫ ላይብረሪ በየፕሮግራሙ ሆድ ውስጥ ለየብቻ ተቀብሮ ነው የሚኖረው። አንድ ቦታ አድሶ መገላገል አልነበረም። ድርጅቶች መጀመሪያ የት የት እንዳላቸው መፈለግ፣ ከዚያ ለእያንዳንዱ ፕሮግራም የአምራቹን አፕዴት መጠበቅ ነበረባቸው።

የጋራ መሆኑ በበኩሉ ምን ያህል አደጋ እንዳለው የታየው በማርች 2024 ነው። ፋይል የሚያሳንስ፣ ኤክስዚ የሚባል ትንሽ ላይብረሪ አለ። ጂያ ታን በሚል ስም የሚጠራ ሰው ለሁለት ዓመት ያህል በትሕትና ሲያግዝ ቆይቶ የፕሮጀክቱን እምነት አገኘ። ከዚያ ሥሪት 5.6.0 እና 5.6.1 ውስጥ የኋላ በር፣ ማለትም በስውር መግቢያ ቀበረ። ዒላማው ኤክስዚ አልነበረም። ሰዎች ሰርቨርን ከርቀት የሚከፍቱበት ኤስኤስኤች የተባለው ፕሮግራም ነበር። ኤስኤስኤች ራሱ ኤክስዚን አይጠራም። አንዳንድ የሊኑክስ ዓይነቶች ላይ ግን ሲስተምዲ የሚባለውን ላይብረሪ እንዲጠራ ተደርጓል፤ ሲስተምዲ ደግሞ የኤክስዚን ይጠራል። በዚያ ሰንሰለት ታስቦ ነው የተገባው። ያገኘው አንድሬስ ፍሮይንድ የተባለ የማይክሮሶፍት መሐንዲስ ነው። ወደ ሰርቨር መግባት ከወትሮው ግማሽ ሰከንድ ያህል ሲዘገይበት ዝም ብሎ አላለፈውም፤ ምክንያቱን ሲከታተል እዚያ ደረሰ። አብዛኛው ዓለም ገና ወደዚያ ሥሪት አልተሸጋገረም ነበር።

ወደ ቤታችን ኮምፒውተር ስንመለስ ሰው ደጋግሞ የሚጠይቀው አንድ ጥያቄ ይቀራል። «ኮንትሮል ፓነል» ውስጥ የፕሮግራሞችን ዝርዝር ስትከፍቱ የማይክሮሶፍት ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ ስም አሥር ቦታ ተደርድሮ ታያላችሁ፤ 2008፣ 2010፣ 2013፣ አንዴ ኤክስ86 አንዴ ኤክስ64። የተደጋገመ ቆሻሻ ይመስላል። አይደለም። እያንዳንዱን የሚፈልግ ፕሮግራም መጥቶ ነው የጫነው። ሁሉም ተደምረው የሚይዙት ቦታ ከአንድ ፊልም ያንሳል፤ ተዉአቸው።

ዊንኤስኤክስኤስ የሚባለውን ፎልደርም እንደዚያው። የዲኤልኤሎች ብዙ ሥሪቶች ጎን ለጎን የሚኖሩት እዚያ ነው። መጠኑን ስትጠይቁት ብዙ ጊጋባይት ይላችኋል። ግን ውስጡ ካሉት ብዙዎቹ ሲስተም32 ውስጥ ያሉት ፋይሎች ራሳቸው ናቸው፤ አንዱ ፋይል በሁለት ቦታ ስም ስላለው ሁለቴ ይቆጠራል። በእጅ ገብቶ መሰረዝ ዊንዶውስን እንዳይነሳ ሊያደርገው ይችላል። ቦታ የጠበበው ሰው «ዲስክ ክሊንአፕ»ን ከፍቶ «ክሊንአፕ ሲስተም ፋይልስ» የሚለውን ይምረጥና የአሮጌ አፕዴቶችን ቅሪት ለዊንዶውስ ራሱ ይተውለት።